ለዓለም ገበያ የሚያመርት የኤሌክትሮኒክስ ኩባንያ የአእምሯዊ ንብረት ስትራቴጂውን እንዴት ያዘጋጃል?

በአንድ ስማርት ስልክ ላይ ብዙ ዓይነት መብቶች ተደራርበው ይገኛሉ። የሬዲዮ ምልክት የሚልክበትና የሚቀበልበት ዘዴ በፓተንት (ሌሎች ፈጠራውን ያለ ፈቃድ እንዳይሠሩበት በሚከለክል መብት)፣ የውጭ ቅርጹ በኢንዱስትሪያዊ ንድፍ፣ ስሙ በንግድ ምልክት፣ ሶፍትዌሩ በቅጂ መብት፣ በፋብሪካው ውስጥ ያለው የአመራረት ስልት ደግሞ በንግድ ሚስጥር ይጠበቃል፤ ከእነዚህም ብዙዎቹ የሌሎች ኩባንያዎች ናቸው። ስትራቴጂው የሚዘጋጀው ኩባንያው የትኛውን መብት ለምን ሥራ እንደሚይዝ፣ የትኛውን ከሌላ እንደሚያገኝና የትኛውን እንደሚተው ምርቱ ገበያ ላይ ከመዋሉ በፊት እንዲወስን ነው። ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

፩. ዓላማውን መወሰን

አንድ ፓተንት ተፎካካሪን ለማገድ፣ ክስ በመጣ ጊዜ ለመደራደሪያ፣ ፈቃድ ሰጥቶ ገቢ ለማግኘት ወይም ቴክኖሎጂው እንዲስፋፋ በር ከፍቶ ለመልቀቅ ሊያገለግል ይችላል። የመጨረሻው እንግዳ ቢመስልም ትርፍ አለው። የጃፓኑ ዴንሶ ዌቭ በ1994 ይፋ ያደረገውን ኪው አር ኮድ በፓተንት ቢያስጠብቅም፣ ደረጃውን ጠብቀው በሚጠቀሙበት ላይ መብቱን እንደማያስከብር አስታወቀ፤ ራሱ ግን የማንበቢያ መሣሪያዎችን ይሸጥ ነበር። ዓላማው ካልተለየ የፓተንት ቁጥር ራሱ ግብ ይሆናል። አይ.ቢ.ኤም. ከ1993 እስከ 2021 በየዓመቱ በአሜሪካ ከሁሉም በላይ ፓተንት ሲያገኝ ከቆየ በኋላ፣ በቁጥር መሪ ሆኖ ለመቀጠል መሞከሩን አስቦበት ተወ። በእኔ ግምት ለአንድ ምርት ዓላማቸው የታወቀ አሥር ፓተንቶች፣ ለምን እንደተያዙ ማንም ከማያውቃቸው መቶ ፓተንቶች የበለጠ ይጠቅማሉ።

፪. ፈጠራውን ከመሐንዲሶቹ ዘንድ ማግኘት

መሐንዲሶች የፈቱትን ችግር እንደ ተራ የዕለት ሥራ ስለሚያዩት ብዙ ፈጠራ ሳይነገር ይቀራል። ስለዚህ የፓተንት ባለሙያው ቅጽ እስኪሞላለት ከመጠበቅ ይልቅ በንድፍ ግምገማ ስብሰባዎች ላይ ተገኝቶ ቢጠይቅ ይሻላል። ከዚሁ ጋር የሠራተኛው ፈጠራ የማን እንደሚሆንና ምን ሽልማት እንደሚያስገኝ በጽሑፍ መስፈር አለበት፤ ሕጉ ከአገር አገር ይለያያልና። ሰማያዊ ኤል.ኢ.ዲ. የሠራው ሹጂ ናካሙራ ከአሠሪው ከኒቺያ ያገኘው 20,000 የን ነበር፤ በ2004 ግን የቶኪዮ ወረዳ ፍርድ ቤት ኩባንያው 20 ቢሊዮን የን እንዲከፍለው ፈረደ፣ ጉዳዩም በሚቀጥለው ዓመት በ840 ሚሊዮን የን ገደማ በስምምነት አለቀ።

፫. ፓተንት፣ ሚስጥር ወይስ ይፋ ማድረግ

እዚህ ላይ የሚረዳው ጥያቄ አንድ ነው፦ ተፎካካሪው ዕቃውን ገዝቶ ቢፈታው ፈጠራውን ሊያየው ይችላል? የሚያየው ከሆነ ሚስጥርነቱ ስለማይዘልቅ ፓተንት ይመረጣል። የማይታይ ከሆነ፣ ለምሳሌ የማሞቂያው ሙቀት፣ የኬሚካሎቹ መጠን ወይም የማሽኑ ቅንብር ከሆነ፣ ምስጢር አድርጎ መያዙ ያዋጣል፤ የፓተንት ማመልከቻ በአብዛኛው ከ18 ወር በኋላ ታትሞ ለማንም ይነበባልና። ሚስጥር ግን ስለተባለ ብቻ በሕግ አይጠበቅም፤ ማን እንደሚያውቀው መገደብና የሚያውቁትን በውል ማሰር ያስፈልጋል። ለፓተንት ወጪ የማይመጥን፣ ነገር ግን ሌላው ቢይዘው የሚጎዳ ሐሳብ ደግሞ ይታተማል፤ ከታተመ በኋላ አዲስ ነው ብሎ ፓተንት ሊያወጣበት የሚችል አይኖርም።

፬. የት እና መቼ ማመልከት

ለዓለም ሁሉ የሚያገለግል አንድ ፓተንት የለም፤ መብቱ በተሰጠበት አገር ወሰን ውስጥ ብቻ ይሠራል። የመጀመሪያው ማመልከቻ ምርቱ በዐውደ ርዕይ ከመታየቱ ወይም ለደንበኛ ያለ ሚስጥር ጥበቃ ውል ከመገለጡ በፊት መግባት አለበት፤ አሜሪካ ለፈጣሪው የአንድ ዓመት እፎይታ ብትሰጥም በአውሮፓ ከማመልከት በፊት ይፋ ማድረግ በአብዛኛው መብቱን ያሳጣል። በ1883 የተፈረመው የፓሪስ ስምምነት ከመጀመሪያው ማመልከቻ አንሥቶ ለፓተንት 12 ወር፣ ለንድፍና ለንግድ ምልክት 6 ወር የቀዳሚነት ጊዜ ይሰጣል፤ በዚህ ጊዜ ውስጥ በሌላ አገር የገባ ማመልከቻ በመጀመሪያው ቀን እንደገባ ይታያል። በዓለም አእምሯዊ ንብረት ድርጅት የሚተዳደረውና ከ150 በላይ አገሮች ያሉበት የፓተንት ትብብር ስምምነት ደግሞ ወደየአገሩ የሚገባበትን ጊዜ በአብዛኛው እስከ 30 ወር ያራዝመዋል። ይህ ጊዜ የትርጉምና የጠበቃ ወጪ ከመጀመሩ በፊት ምርቱ ገበያ ማግኘት አለማግኘቱን ለማየት ያስችላል።

አገር ሲመረጥ የሚሸጥበትን ብቻ ማሰብ የተለመደ ነው፤ ተፎካካሪው የሚያመርትበት አገር ግን ብዙ ጊዜ ይበልጣል፤ አንድ ፋብሪካ ከታገደ ወደ ሁሉም ገበያ የሚሄደው ዕቃ ይቆማልና። የንግድ ምልክትም ቀድሞ ላስመዘገበ በሚሰጥባቸው አገሮች ከፋብሪካው ጋር ድርድር ሳይጀመር መመዝገብ አለበት።

፭. የሌሎችን መብት መመርመር

የራስ ፓተንት የሌላውን ፓተንት ለመጣስ ፈቃድ አይሆንም። ይህን ወደ ገበያው አዲስ የሚገቡ ኩባንያዎች ብዙ ጊዜ ይዘነጉታል። ምርመራው የሚጠቅመው ንድፉ ገና ሊለወጥ በሚችልበት ጊዜ ሲደረግ ነው። ካኖን በ1960ዎቹ ወደ ፎቶኮፒ ማሽን ሲገባ መስኩ በዜሮክስ ፓተንቶች የታጠረ ነበር፤ እነዚያን ፓተንቶች አጥንቶ የተለየ ዘዴ ፈጠረና በ1968 ይፋ አደረገ፣ በ1970ም ማሽኑን ለገበያ አቀረበ። ኮዳክ በበኩሉ በ1976 ወዲያው ፎቶ የሚያወጣ ካሜራ ይዞ ፖላሮይድ ወደነበረበት ገበያ ገባ። የጠበቆች ምክር አልጎደለውም፤ ሆኖም በ1985 ፓተንት መጣሱ ተፈረደበት፣ በጃንዋሪ 1986 ከዚያ ንግድ ወጣ፣ በ1991ም 925 ሚሊዮን ዶላር ከፈለ። የጠበቃ አስተያየት አደጋውን ይመዝናል እንጂ አያስወግደውም፤ ዘዴውን መለወጥ ሲቻል መለወጡ ይመረጣል።

ቺፕና ሌሎች ክፍሎችን የሚገዛ አምራች፣ በተገዛው ክፍል ምክንያት ቢከሰስ አቅራቢው ምን ያህል እንደሚሸፍን በግዢ ውሉ ላይ ማስፈር አለበት።

፮. ከደረጃዎች ጋር የተያያዙ ፓተንቶች

ደረጃ ማለት የተለያዩ አምራቾች መሣሪያዎች እርስ በርስ እንዲሠሩ ሁሉም የሚከተሉት የጋራ ቴክኒካዊ ደንብ ነው። ከ5ጂ ወይም ከዋይፋይ ጋር የሚሠራ መሣሪያ ደረጃውን ሳይጠቀም ሊሠራ ስለማይችል ዘዴ መለወጥ እዚህ አያገለግልም። እንደ አውሮፓ የቴሌኮሙኒኬሽን ደረጃዎች ተቋም ያሉ አካላት የፓተንት ባለቤቶች ፍትሐዊ፣ ምክንያታዊና አድልዎ በሌለበት ሁኔታ ፈቃድ ለመስጠት ቃል እንዲገቡ ይጠይቃሉ። የአውሮፓ ፍርድ ቤት በ2015 በቻይናዎቹ የቴሌኮም ኩባንያዎች በሁዋዌና በዜድ.ቲ.ኢ. ጉዳይ፣ ባለቤቱ እገዳ ከመጠየቁ በፊት ማስጠንቀቅና የፈቃድ ሐሳብ ማቅረብ፣ ተጠቃሚውም ሳይዘገይ በቅን ልቦና መልስ መስጠት እንዳለበት ወስኗል። ስለዚህ የሚመጡ ደብዳቤዎችን መዝግቦ በጊዜው መመለስ ከስትራቴጂው አንዱ ክፍል ነው፤ የፈቃዱ ክፍያም በምርቱ ዋጋ ስሌት ውስጥ ከመጀመሪያው መግባት አለበት።

፯. ማስከበር፣ መከለስ፣ መተው

ክስ ረጅም ነው፤ አፕል በ2011 ሳምሰንግ ላይ የጀመረው ሙግት የተቋጨው በ2018 ነው። ፈጣን ውጤት የሚያስገኘው ብዙ ጊዜ ዕቃው ወደ አገር እንዳይገባ የሚጣል እገዳ ነው። በሕክምና መሣሪያ አምራቹ በማሲሞ አቤቱታ የአሜሪካ ዓለም አቀፍ ንግድ ኮሚሽን በአንዳንድ የአፕል ሰዓቶች ላይ የጣለው እገዳ በዲሴምበር 2023 ጸንቶ፣ አፕል በሚቀጥለው ወር በአሜሪካ የሚሸጣቸውን ሰዓቶች የደም ኦክስጅን መለኪያውን አጥፍቶ ለማቅረብ ተገደደ።

ፓተንት ከማመልከቻው ቀን ጀምሮ 20 ዓመት ሊቆይ ቢችልም በብዙ አገሮች የማቆያ ክፍያው በየጊዜው ይጨምራል። በዓመት አንድ ጊዜ የምርት፣ የሽያጭና የሕግ ክፍሎች በአንድነት ተቀምጠው እያንዳንዱን ፓተንት ከሚሸጥ ምርት ወይም ከሚታወቅ ተፎካካሪ ጋር ያያይዙት፤ የማይያያዘው ይሸጥ ወይም ክፍያው ይቁም። ከሚሸጡት ላይ ግን ኩባንያው ለራሱ የመጠቀም ፈቃድ ማስቀረትና ቀደም ሲል ለደንበኞቹ የሰጣቸው ፈቃዶች ገዢውንም እንደሚያስገድዱ በሽያጭ ውሉ ላይ ማጻፍ አለበት።