የተገቢነት ክስ ሲመጣባችሁ

ደብረ ማርቆስ ላይ የተማሪዎች መረብ ኳስ ቡድን አሠለጥናለሁ። ባሕር ዳርም እንጅባራም ለውድድር ይዣቸው ሄጃለሁ። ልጆቼ ሜዳ ላይ ሲሸነፉ አልቅሰው ይወጣላቸዋል። በወረቀት፣ ማለትም «ይህ ተጫዋች መሰለፍ አይገባውም» በሚል የተገቢነት ክስ ሲሸነፉ ግን ዓመቱን ሙሉ ያንገበግባቸዋል። ይህን ጽሑፍ የምጽፈው ለእነሱ ስል ነው።

ሥራው የሚጀመረው ከጉዞ በፊት ነው። ለእያንዳንዱ ተጫዋች የዘንድሮውን የምዝገባ ስሊፕ፣ የመታወቂያ ኮፒና ከሪጅስትራር የተጻፈ ማኅተም ያለበት ደብዳቤ አንድ ላይ ያዙ። ዊዝድሮው (የትምህርት ማቋረጫ ቅጽ) ሞልቶ የተመለሰ ልጅ ካለ ዳግም የተቀበሉበት ደብዳቤ አይቅር። ካየኋቸው ክሶች አብዛኞቹ የተነሱት በእንዲህ ዓይነት ልጆች ላይ ነው። ደግሞ ዓርብ ከሰዓት አትመኑ። ክሱ ዓርብ ማታ ይመጣል፣ ጨዋታው ቅዳሜ ነው፣ ሪጅስትራር የሚከፈተው ሰኞ!

አንዲት አጥቂያችን ታማ አቋርጣ የተመለሰች ነበረች። ተጋጣሚዎቻችን «ተማሪ አይደለችም» ብለው ከሰሱ። የቀረበው ማስረጃ የድሮ ስም ዝርዝር ነው። እሷንም እኛንም የጠየቀን የለም፤ ታግደሻል ተባለች። ስሊፑ ላይ የአያቷ ስም «ፀጋው»፣ መታወቂያዋ ላይ «ጸጋዬ» መሆኑም ሌላ ጣጣ ሆነ። ያዳናት የተመለሰችበት ደብዳቤ ነው። ቀኑ ከተጫዋቾች ምዝገባ መዝጊያ ይቀድማል፤ የመታወቂያ ቁጥሯም በሁለቱም ወረቀት ላይ አንድ ነው። ይግባኝ ሰሚዎቹ ይህን ጎን ለጎን አስቀምጠው ሲያዩ እገዳው ተነሳ።

እናንተም ውሳኔ በቃል ከተነገራችሁ በጽሑፍ ይሰጠን በሉ፤ ሰዓቱም ይጻፍበት። ወዲያው የውድድሩን ደንብ ክፈቱ። ይግባኝ የሚቀርበው እስከ ስንት ሰዓት ነው? ማስያዣ ገንዘብስ አለው? በአንዳንድ ውድድር የሚሰጠው ጊዜ በሰዓት የሚቆጠር ነው። ይግባኙ ከአንድ ገጽ አይብለጥ። የትኛው አንቀጽ እንደተጣሰ፣ ማስረጃችሁ ምን እንደሆነ፣ ምን እንዲወሰን እንደምትፈልጉ ጻፉ። ስድብ አይግባበት። የተቀበላችሁን ሰው በራሳችሁ ቅጂ ላይ አስፈርሙ። በንዴት ቡድኑን ይዞ መውጣት ግን ፎርፌ ያስበላል፤ ያልተከሰሱት ልጆች ምን በደሉ? ይግባኙን አስመዝግቡና ተጫወቱ።

ዕድሜ ለብቻው መታየት አለበት፣ በተለይ ወደ ውጭ ለሚወጣ። በፈረንጆቹ 2025 ጀርመን ራይን ሩር ላይ በተደረገው የዓለም ዩኒቨርሲቲዎች ጨዋታ ዕድሜው ከ18 እስከ 25 ነበር፤ ከጃንዋሪ 1 ቀን 2000 በፊት የተወለደ አይገባም። በእኛ ታኅሣሥ 20 ቀን 1992 የተወለደ ልጅ በፈረንጆቹ ዲሴምበር 30 ቀን 1999 ነው፤ ወጣ። ጥር 1 የተወለደው ጓደኛው ገባ። ስለዚህ ዓመተ ምሕረቱን ብቻ አይታችሁ ስምንት አትደምሩ፣ ወሩንና ቀኑን ቀይሩ።

ፍርድ ቤትስ? በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ አካል ማቅረብ መብት ነው። ግን መጀመሪያ የውድድሩን የይግባኝ በር ጨርሱ፤ አለዚያ ዳኛው «እዚያ ጠይቃችኋል ወይ?» ማለቱ አይቀርም። ስትሄዱም ከዋናው ክስ ጋር እግድ፣ ማለትም ውሳኔው ለጊዜው እንዳይፈጸም የሚያዝ ትእዛዝ ጠይቁ፤ ውድድሩ ካለቀ በኋላ የሚመጣ ፍርድ ለተጫዋቹ ምን ይረባዋል? አሜሪካ ውስጥ የቫንደርቢልት ዩኒቨርሲቲው የአሜሪካን ፉትቦል ተጫዋች ዲዬጎ ፓቪያ ያደረገው ይህንን ነው። በሁለት ዓመት ኮሌጅ የተጫወተበት ጊዜ ከዩኒቨርሲቲ የመጫወቻ ዘመኑ ለምን ይቀነሳል ብሎ ከሰሰ። በእኛ ታኅሣሥ 2017 ላይ የፌዴራል ፍርድ ቤት እግድ ሰጠው፣ የቀጣዩን ዓመትም ተጫወተ። ከመምህራን ኮሌጅ ወይም ከቴክኒክና ሙያ አልፈው የመጡ ልጆች ያሏችሁ አሠልጣኞች፣ ደንባችሁ ስለ እነሱ ምን እንደሚል አሁኑኑ እዩት።

ጠበቃ መክፈል ካልቻላችሁ የሕግ ትምህርት ቤት ያለው ዩኒቨርሲቲ ጎራ በሉ፤ ብዙዎቹ ነጻ የሕግ ድጋፍ ይሰጣሉ። ስትሄዱ ኦርጅናሉን ወረቀት፣ ያስፈረማችሁትን ቅጂና የማስያዣውን ደረሰኝ ይዛችሁ ሂዱ።