የእንጆሪ ችግኝ መቼ ይገዛ? ገዢዎች የሚሳሳቱባቸው ነጥቦች

የምናወራው ገበያ ላይ ስትሮበሪ ስለሚባለው እንጆሪ ነው። እሾሃሙ የዱር እንጆሪ ሌላ ተክል ስለሆነ ችግኝ መሸጫ ሲሄዱ ለይተው ይጠይቁ። የጠቀስናቸው ወራት ለአዲስ አበባና ለመሰል አካባቢዎች የሚሆኑ ናቸው።

ሰኔ ላይ መግዛት

ትልቁ ስህተት ይሄ ነው። ሰኔ ሲገባ ሁሉም ችግኝ ፍለጋ ይወጣል። ከ2011 ዓ.ም. ወዲህ አረንጓዴ አሻራ በየክረምቱ ስለሚካሄድ ደግሞ ችግኝና ክረምት በሰው አእምሮ ይበልጥ ተቆራኝተዋል። ለወይራና ለዝግባ ልክ ነው፤ እንጆሪ ግን ዛፍ አይደለም። አብዛኛው ሥሩ ከላይኛው 20 ሴንቲ ሜትር አፈር አይወርድም፤ ቅጠልና ሥር የሚገናኙበት ወፍራም አንገቱ ደግሞ መሬት ላይ ቁጭ ያለ ነው። የሐምሌና የነሐሴ ዝናብ፣ በተለይ ኮትቻ አፈር ላይ፣ ውሃ ሲያቁር ሥሩ አየር ያጣል፤ አንገቱ ይበሰብሳል። ጠብታው የሚረጨው ጭቃ አዲስ ቅጠል የሚወጣበትን እምቡጥ ይደፍነዋል። ፍሬ ቢይዝም ግራጫ ሻጋታ ይቀድምዎታል።

ጥሩው ጊዜ ከመስቀል ማግስት እስከ ጥቅምት አጋማሽ ነው። ዝናቡ ቀንሷል፣ አፈሩ ገና እርጥበት አለው፣ ፀሐይም ወጥቷል። ሻጩ ዘንድ ያለው ችግኝም የተሻለ ነው፤ ክረምቱን ከእናት ተክሉ የተዘረጉት ሐረጎች እርጥብ አፈር አግኝተው ሥር ሰደዋል። ያኔ የተተከለ እንጆሪ ከሁለት እስከ ሦስት ወር ባለው ጊዜ ፍሬ ይሰጣል፤ በመጀመሪያው አንድ ወር የሚወጣውን አበባ ግን ሳይሳሱ ይቀንጥሱ። ከዚያ በኋላ ያለው በጋ ስለሆነ አስተማማኝ ውሃ ከሌለዎት ባይገዙ ይሻላል።

የውጭ ቪዲዮ አይቶ ወር መምረጥ

አሜሪካና አውሮፓ ላሉ ሰዎች በመጋቢትና በሚያዝያ መግዛት ትክክል ነው፤ ብርዱ የሚያልፈው ያኔ ነው። እስራኤል ውስጥ በአንጻሩ ገበሬው መስከረምና ጥቅምት ላይ ተክሎ ክረምታቸውን ሙሉ ይለቅማል። እኛ ጋ የቀኑ ርዝመት ዓመቱን ሙሉ ከ12 ሰዓት ብዙ አይርቅም፤ ስለዚህ የሚገዙበትን ወር የሚወስኑት ዝናብና ውርጭ ናቸው።

ውርጭን መርሳት

ደብረ ብርሃንን በመሰሉ ከፍተኛ ቦታዎች ከጥቅምት እስከ ጥር ሌሊቱ አበባ ይገድላል። ጠዋት ሲያዩት ነጩ የአበባ ቅጠል ምንም አልሆነም፤ ቢጫ የነበረው መሀሉ ግን ጥቁር ነጥብ ሆኗል። ያ አበባ ፍሬ አይሆንም። እዚያ ያላችሁ፣ ውሃ ካላችሁ፣ ከጥምቀት በኋላ ጥር መጨረሻ ላይ ግዙ፤ ክረምቱ ሳይገባ ትለቅማላችሁ።

ፍሬ ያንጠለጠለውን መምረጥ

ቀይ ፍሬ የያዘው ችግኝ ዋጋውም ይጨምራል፣ ዓይንም ይስባል። ግን ጉልበቱን ፍሬው ላይ ጨርሷል፤ ሲነቀል ደግሞ ሥሩ ይጎዳል። ሦስት አራት ጤናማ ቅጠል ያለው፣ ያላበበ ወጣት ችግኝ ይበልጠዋል።

መደቡ ሳይዘጋጅ መግዛት

መደቡ ከግዢው ሦስት ሳምንት በፊት ይሠራ፦ 25 ሴንቲ ሜትር ከፍታ፣ 70 ሴንቲ ሜትር ስፋት፣ ለአንድ ካሬ ሜትር አንድ ባልዲ በደንብ የበሰለ ኮምፖስት። ትኩስ ፍግ ሥር ያቃጥላል። ለ20 ችግኝ የ3 ሜትር ርዝመት ይበቃል፤ ሁለት ረድፍ፣ በችግኞቹ መካከል 30 ሴንቲ ሜትር።

አፈር ሳይዝ የተሸጠ ችግኝ በዚያው ቀን ቢተከል ጥሩ ነው። ካልሆነ ሥሩን በእርጥብ ጋዜጣ ጠቅልለው ፍሪጅ (በረዶ የሚሠራው ክፍል አይደለም) ውስጥ ቢበዛ ሦስት ቀን ያቆዩት፤ ከመትከልዎ በፊት ግማሽ ሰዓት ውሃ ውስጥ ይንከሩት። ከቀኑ 10 ሰዓት በኋላ ይትከሉ፤ የአንገቱ ግማሽ ከአፈር በላይ ይቅር። ከተቀበረ ይበሰብሳል፣ ከፍ ካለ ይደርቃል። ላዩን የጤፍ ጭድ ይጎዝጉዙ።

ሥሩን ሳያዩ መክፈል

ወሩ ትክክል ቢሆንም፣ ካለፈው ዓመት የተረፈ ችግኝ ሊሸጥልዎ ይችላል። አንዱን ከላስቲኩ ያውጡ። ጤናማ አዲስ ሥር ነጣ ያለ ነው፤ የጠቆረና ሲጎትቱት ልጣጩ የሚወልቅ ከሆነ ይተዉት። አንገቱ ቢያንስ የእርሳስ ያህል ይወፍር። ብዙ የሚገዙ ከሆነ የአንድ ችግኝ ዋጋ ከፍለው አንገቱን በቢላ ይሰንጥቁት፤ ውስጡ ነጭ ካልሆነና ቀላ ያለ ቡናማ ከመሰለ ከዚያ መደብ የመጣውን ሁሉ አይውሰዱ። ሻጩ ከላስቲክ ማውጣት አይቻልም ካለ ወደሚቀጥለው ሻጭ ይለፉ።