ሱቁ ገበያ አለው፣ ብሩ ግን የለም፦ ከየት ልጀምር?

አዳማ ላይ ገዢ አይጠፋም። የጅቡቲው መንገድ በዚሁ ያልፋል፣ መርካቶም 100 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ያም ሆኖ ቀኑን ሙሉ ሲሸጥ የከረመ ባለሱቅ ኪራይ ሲደርስ እጅ ያጥረዋል። ብዙ ሰው ያኔ ብድር ፍለጋ ይሄዳል። ከብድሩ በፊት ሥራውን ከሥሩ ማየት ይሻላል።

መጀመሪያ የሱቁንና የቤቱን ብር ለዩ። ለሱቁ ለብቻው ሂሳብ ክፈቱ። ደንበኛ በቴሌብር የሚከፍለው ወደ ግል ስልካችሁ እየገባ ከአስቤዛ ጋር ከተደባለቀ ትርፋችሁን አታውቁትም። ለራሳችሁ የወር ደመወዝ ቁረጡና የቤት ወጪ ሁሉ ከዚያ ይውጣ። እቁቡ ለዕቃ መግዣ ከሆነ ግን በሱቁ ደብተር ይመዝገብ።

ቀጥሎ ቆጠራ ነው። የበጀት ዓመቱ የሚዘጋበትን ሰኔ 30 አትጠብቁ። አንድ እሁድ ማታ በሩን ዝጉና መደርደሪያ በመደርደሪያ ቁጠሩ። የምትጽፉት የገዛችሁበትን ዋጋ ነው። ወራት ሳይነካ አቧራ የለበሰ ዕቃ ካለ በመጣበትም ቢሆን ሽጡትና ብሩን ቶሎ ወደሚሄድ ዕቃ አዙሩት።

አሁን ዋናው ጉዳይ፣ የዕቃው እውነተኛ ዋጋ። 48 ፍሬ ያለው የሳሙና ካርቶን በ2,400 ብር ገዛችሁ እንበል። አንዱ 50 ብር መጣ። ለጫኝ፣ ለመኪናና ለአውራጅ በካርቶን 96 ብር ከወጣ በእያንዳንዱ ላይ 2 ብር ይጨመራል። በ55 ብር ስትሸጡት የሚተርፋችሁ 5 ብር ሳይሆን 3 ብር ነው፤ በካርቶን 144 ብር። ኪራይና የሠራተኛ ደመወዝ በወር 18,000 ብር ከሆነ፣ ሳሙና ብቻ ብትሸጡ ያንን ለመሸፈን 125 ካርቶን ያስፈልጋችኋል። ይህን ስሌት ቶሎ ለሚሸጡት አሥር ዕቃዎች ሥሩ። የሚቀጥለው ካርቶን በስንት እንደሚገባም ከአከፋፋዩ ጠይቁ። መግዣው ጨምሮ እናንተ በድሮው ዋጋ ከሸጣችሁ መነገጃችሁን ነው የምትበሉት።

ዱቤስ? ለጎረቤት አልሰጥም ማለት ይከብዳል፣ እኔም አቁሙ አልልም። ግን ጣሪያ አብጁለት። ያው የሳሙና ካርቶን በዱቤ ወጥቶ ቢቀር 2,496 ብር አጣችሁ ማለት ነው። በ3 ብር ትርፍ እሱን ለመመለስ 832 ሳሙና መሸጥ አለባችሁ፣ ከ17 ካርቶን በላይ። ስለዚህ ለእያንዳንዱ ሰው የብር ልክና የመክፈያ ቀን ጻፉ። የፊተኛውን ሳይከፍል ሁለተኛ አይውሰድ። ይህን ዱቤ ስትሰጡ በትህትና መናገር ይቀላል፣ በኋላ ግን ጸብ ይሆናል።

ሱቁን ከመዝጋታችሁ በፊት የቀኑን ሽያጭ፣ ወጪና ዱቤ መዝግቡ። በመሳቢያውና በስልኩ ያለው ብር ከደብተሩ ጋር ካልገጠመ በዚያው ማታ ከሠራተኛው ጋር ሆናችሁ ፈልጉት።