በ1990ዎቹ ስልት ርካሽ ፊልም ስንሠራ የምንሳሳታቸው ነገሮች

በፈረንጆቹ 1990ዎቹ በትንሽ ገንዘብ የተሠሩ ፊልሞችን መልክ ዛሬ በስልክ ማምጣት ቀላል ይመስላል። መብራት መተው፣ ካሜራ ማንቀጥቀጥ፣ አለቀ! ውጤቱ ግን ብዙ ጊዜ ለማየት የሚከብድ ይሆናል።

አንዱ ስህተት የባጀቱን ወሬ እንዳለ መዋጥ ነው። የዳይሬክተር ሮበርት ሮድሪጌዝ ፊልም «ኤል ማሪያቺ» (1992) በ7,000 ዶላር ገደማ ተቀረጸ። ከፊሉን ያገኘው ለመድኃኒት ሙከራ ራሱን ሰጥቶ ነው። ሲኒማ ቤት የገባው ቅጂ ላይ ግን ኮሎምቢያ ፒክቸርስ የተባለው የሆሊውድ ኩባንያ ከቀረጻ በኋላ ላለው ሥራ ከዚያ በብዙ እጥፍ አውጥቷል። እናም ያላችሁን ሁሉ ቀረጻ ላይ አትጨርሱ።

ከሁሉም የሚብሰው ድምፅን መናቅ ነው። ተመልካች የደበዘዘ ምስል ይታገሣል፤ የማይሰማ ንግግር ሲሆን ግን ጥሎ ይሄዳል። ሮድሪጌዝ የተዋሰው ካሜራ ጫጫታው ለጉድ ስለነበር ድምፅ አብሮ መቅዳት አልቻለም። ትዕይንቱ ሲያልቅ ካሜራውን ያጠፋል፣ ማይኩን ወደ ተዋናዮቹ ያስጠጋል፣ ያንኑ ንግግር እንደገና ያስብላቸዋል። ኤዲት ሲያደርግ ደግሞ ድምፅና ከንፈር መለያየት ሲጀምሩ ቶሎ ወደ ሌላ ሾት ይዘላል። ያ ሁላችንም የምናደንቀው ፈጣን አቆራረጥ በከፊል የመጣው ከዚህ ነው።

ሌላው፣ የጎደለንን ነገር ለመደበቅ መልፋት። ኬቨን ስሚዝ «ክለርክስ»ን (1994) የቀረጸው ራሱ በሚሠራበት ሱቅ ነው። ቀን ገበያ ስላለ ቀረጻው ሌሊት ሆነ። ታሪኩ ግን ቀን ነው የሚፈጸመው፤ ውጭው ደግሞ ድቅድቅ ጨለማ! ታዲያ የመስኮቱ መዝጊያ ቁልፍ ውስጥ ሰው ማስቲካ ጠቅጥቆበት አልከፈት አለ ብሎ ታሪኩ ውስጥ ጨመረው። ችግሩ ራሱ ቀልድ ሆኖ አረፈው።

የሚንቀጠቀጥ ካሜራ ነገር ብዙ አያነጋግርም። የዴንማርኩን ዳይሬክተር የቶማስ ቪንተርበርግን «ፌስተን» (1998) እዩ። በትንሽ የቤት ቪዲዮ ካሜራ ነው የተቀረጸው፤ ካሜራው ግን ሰው ተከትሎ እንጂ ዝም ብሎ አይወዛወዝም።

የመጨረሻው፣ ያልተኳለ ሁሉ እውነት ነው ብሎ ማሰብ። በዚያው ዘመን ካሊፎርኒያ ሳን ፈርናንዶ ሸለቆ ውስጥ የአዋቂዎች ፊልም የሚሠሩ ሰዎች ዳይሬክተሩ ራሱ ካሜራ ይዞ ተዋናዮቹን የሚያወራበትን ስልት አስፋፉ። ብዙ ተመልካች «ይሄማ ትወና አይደለም» አለ። እነሱ ግን ተከፍሏቸው የሚሠሩ፣ ፊልማቸውም ኤዲት የሚደረግ ሰዎች ነበሩ። እውነተኛ ቅጂ መስሎ የቀረበው አስፈሪ ፊልም «ብሌር ዊች»ም (1999) እንደዚያው ነው። ተዋናዮቹ ካሜራውን ራሳቸው ይዘው ከአፋቸው የመጣውን ቢናገሩም፣ መንገዱን ያቀዱት ዳይሬክተሮቹ ናቸው። እነዚያው ተዋናዮች በ2024 ተገቢው ክፍያ ይሰጠን ብለው በአደባባይ ጠይቀዋል።

ስለዚህ ጓደኛ ነው ብላችሁ ሰው በቃል ብቻ አታሠሩ። ምን እንደሚቀረጽ፣ የት እንደሚታይ፣ ፊልሙ ገንዘብ ካመጣ ለማን ስንት እንደሚደርስ፣ ተዋናዩ «በቃኝ» ሲል ካሜራው እንደሚጠፋ ጽፋችሁ ተፈራረሙ። አንድ ገጽ ይበቃል።