ጣናን ዳር ዳሩን፦ ከባሕር ዳር ዘጌ የግማሽ ቀን የጀልባ ጉዞ እንዴት እንደሚደረግ

ባሕር ዳር የሚለውን ስም ቀስ ብላችሁ በሉት። ባሕር፣ ዳር። ጎጃም ጨዋማ ውኃ የለውም፤ ሐይቁን ግን የአገሬው ሰው ባሕር ብሎ ነው የሚጠራው። ከተማዋም ስሟን ያገኘችው ከውኃው መሀል አይደለም፤ ከዳሩ ነው።

ይህን የምለው በምክንያት ነው። ጣናን ሊያይ የሚመጣ ሰው ብዙውን ጊዜ ዳሩን ሳያይ ይመለሳል። ጀልባ ይከራያል። ጀልባው ሐይቁን በመሀል ሰንጥቆ ገዳማት ያሉበት ልሳነ ምድር ዘጌ ላይ ያወርደዋል። ገዳሙን ይሳለማል፣ ፎቶ ይነሣል፣ በመጣበት መስመር ይመለሳል። ደንገሉ (ረዥሙ የውኃ ዳር ተክል)፣ ከደንገል የሚታሰረው ታንኳ፣ ጉማሬው፣ እስከ ውኃው የወረደው የዘጌ ጫካ ከሩቅ እንደ አረንጓዴ ክር ያልፈዋል። ያሳዝነኛል። ስለዚህ ዳር ዳሩን እንዴት እንደሚኬድ ልንገራችሁ። ግማሽ ቀን ይበቃል።

መቼ መሄድ ይሻላል

ከመስቀል በኋላ እስከ ኅዳር ያለው ጊዜ ለእኔ አንደኛ ነው። ክረምቱ አልፏል፣ ሰማዩ ታጥቧል፣ ሐይቁ ሞልቶ ደንገሉ ወገቡ ድረስ ውኃ ውስጥ ቆሟል። ከጥር በኋላ ውኃው እየቀነሰ ይሄዳል። ያኔ ደግሞ ሌላ ነገር ታያላችሁ። ውኃው የለቀቀውን መሬት ገበሬው እግር በእግር እየተከተለ ይዘራበታል። በጣና ዙሪያ ይህን መሬት "ባሕር ሸሽ" ይሉታል። ሐምሌና ነሐሴን አልመክርም። ዝናቡ ፋታ አይሰጥም፤ ወንዞቹም አፈር ጠርገው ስለሚገቡ ውኃው ይደፈርሳል።

ከወሩ ይልቅ ግን ሰዓቱ ይበልጣል። ጣና ጠዋት ይተኛል፣ ከሰዓት በኋላ ይነሣል። ፀሐይ የብሱን ስታግለው ከሐይቁ በኩል ነፋስ ይመጣል። ሐይቁ ደግሞ በጣም ሰፊ ሆኖ ጥልቀቱ ትንሽ ነው፤ ጥልቅ የሚባለው ቦታው እንኳ 14 ሜትር ገደማ ነው። እንዲህ ያለ ውኃ ነፋስ ሲነካው ማዕበሉ አጭር፣ ቶሎ ቶሎ የሚመታ ይሆናል።

አንድ ጊዜ እናቴን ይዤ ዘጌ ሄድኩ። አርፍደን ተነሣን፤ ስንመለስ 10 ሰዓት ሊሆን ነበር። ጀልባዋ በየማዕበሉ እየተነሣች ትፈጠፈጥ ጀመር። ውኃው ፊታችን ላይ ይረጫል። እናቴ ነጠላዋን ተከናንባ "ኪዳነ ምሕረት፣ ኪዳነ ምሕረት" ስትል አንድ ሰዓት አለፈ። ላይፍ ጃኬቱ ለሁላችንም አልበቃም ነበር። መነሣት ካለበት ሰዓት አሳልፌ፣ ጃኬት ሳልቆጥር ነበር ያሳፈርኳት። ከዚያ ወዲህ ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል በላይ ቆይቼ ተነሥቼ አላውቅም። ከ7 ሰዓት በፊትም ከተማ እገባለሁ።

ከደብረ ማርቆስ፣ ከፍኖተ ሰላም ወይም ከእንጅባራ የምትመጡ ከሆነ ዋዜማውን ገብታችሁ እደሩ። በዚያው ቀን ተጉዞ ጀልባ ላይ መውጣት ከሰዓት በኋላው ላይ ይጥላችኋል። ከመነሣታችሁ በፊት የመንገዱንና የአካባቢውን ወቅታዊ ሁኔታ ከዚያው ካለ ሰው ጠይቁ።

ጀልባና አስጎብኚ መያዝ

ይህን ዋዜማውን ከሰዓት በኋላ ጨርሱት። ጠዋት ዳር ላይ ቆሞ መከራከር ጥሩውን ሰዓት ይበላዋል። ጀልባ በሆቴል በኩልም፣ ሐይቁ ዳር ካሉት የጀልባ ማኅበራት በቀጥታም ይገኛል። እኔ በቀጥታ መነጋገሩን እመርጣለሁ። ከጀልባ ነጂው ጋር ፊት ለፊት ካልተገናኛችሁ "ዳር ዳሩን" የምትለው ቃል መንገድ ላይ ትጠፋለች።

መጀመሪያ ዋጋው በሰው ነው ወይስ በኮንትራት ብላችሁ ጠይቁ። ለዚህ ጉዞ ኮንትራት ይሻላል። ጀልባዋ የእናንተ ስትሆን መስመሩንም ፍጥነቱንም እናንተ ትወስናላችሁ። አራት አምስት ሰው ሆናችሁ ከተካፈላችሁት አይከብድም። ነዳጁ ዋጋው ውስጥ መካተቱን፣ ዘጌ ላይ ስንት ሰዓት እንደሚጠብቃችሁ፣ ስትመለሱ እንጦስ ኢየሱስ ደሴት ላይ ጎራ እንደሚል በግልጽ ተነጋገሩ። ላይፍ ጃኬቱን በዓይናችሁ አይታችሁ በቁጥር አረጋግጡ። "አለ" የሚለውን ቃል ብቻ አትቀበሉ። ግማሹን ቀብድ ከፍላችሁ ቀሪውን ስትመለሱ ስጡ።

ከዚያ ዋናዋን ነገር ተናገሩ፦ "ወንድሜ፣ ስንሄድ ዳር ዳሩን ያዝልን፤ ቀስ በል። ስንመለስ በመሀል ብታቋርጥ ቅር አይለንም።" መንገዱ ስለሚረዝም ትንሽ ሊጨምርባችሁ ይችላል። ጨምሩለት። ነዳጅ ይጨርሳልና እውነቱን ነው።

የጀልባ ነጂውና የአስጎብኚው ሥራ ለየብቻ ነው። ነጂው ውኃውን ያውቃል፤ ድንጋዩ የት እንዳለ፣ ጉማሬው የት እንደሚውል ይነግራችኋል። ዘጌ ስትወርዱ ደግሞ የአካባቢው አስጎብኚዎች አሉ። አንድ ያዙ። ጫካው ውስጥ መንገዱ ይጠላለፋል፤ ሥዕሎቹንም ያለ ተርጓሚ ማየት ደብዳቤውን ሳይከፍቱ ፖስታውን እንደማየት ነው። ክፍያው ከጀልባው የተለየ ነው። የገዳሙ መግቢያም እንደዚሁ፤ ደረሰኝ ተቀበሉ።

ምን ይያዝ

ጠዋት ውኃው ላይ ይበርዳል፤ ነጠላ ወይም ጃኬት ያዙ። ረፋድ ላይ ፀሐዩ ይከብዳል፤ ሐይቁ ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነ ቆዳ ቶሎ ያቃጥላል፤ ኮፍያ ያስፈልጋል። ቶሎ የሚወልቅ ጫማ፣ ዝርዝር ብር፣ የሚጠጣ ውኃ። ሴቶች ረዥም ቀሚስና ነጠላ፣ ወንዶች ረዥም ሱሪ። ስልካችሁን በፌስታል ጠቅልሉት። ሃይላንዱን ስትጨርሱ ግን ውኃው ላይ አትጣሉ፤ ይዛችሁት ተመለሱ።

መጀመሪያ ወደ ዓባይ መውጫ

ብዙ ሰው ዓባይ መውጫን ለመጨረሻ ያስቀምጠዋል። እኔ በዚያ እጀምራለሁ። ጉማሬ ማልዶ ነው የሚታየው፤ ረፋድ ላይ ጭንቅላቱን ብቅ አድርጎ ተመልሶ ይጠልቃል። ከከተማው ዳር ተነሥታችሁ ወደ ምሥራቅ ስትታጠፉ ደብረ ማርያም ደሴት አጠገብ ትደርሳላችሁ። እዚያ ነው ሐይቁ ወንዝ የሚሆነው።

ነጂው ሞተሩን ዝቅ ሲያደርገው ዝም በሉ። ውኃው አይጮኽም፣ አይናወጥም። በግራም በቀኝም ደንገል ነው። ዓባይ እንዲህ በዝምታ ነው የሚወጣው ብሎ ማመን ይቸግራል። እናት ወንዙ ግልገል ዓባይ ሰከላ ላይ ከግሽ ዓባይ ተነሥቶ፣ ከዘጌ ወዲያ ጣና ይገባል። ሳይቀላቀል ሐይቁን አቋርጦ እዚህ ይወጣል እየተባለ ነው ያደግነው። ዝቅ ብሎ ጨራጨራ የሚባለው መቆጣጠሪያ ግድብ አለ፤ የሐይቁን ከፍታ የሚይዘው እሱ ነው።

ጉማሬውን ከሩቅ እዩት። ነጂው "እዚህ ይበቃል" ካለ ይበቃል። ለፎቶ ብላችሁ "ትንሽ ጠጋ በል" አትበሉት። ጉማሬ ግልገል ይዞ ከሆነ ጀልባ ይገለብጣል።

ከዚያ ዳር ዳሩን ወደ ዘጌ

አሁን ወደ ምዕራብ ተመለሱ። ከተማውን፣ ሆቴሎቹን፣ ዘንባባዎቹን በግራችሁ አድርጋችሁ ታልፋላችሁ። ቤቱ እየሳሳ ደንገሉ እየበዛ ይሄዳል። ቀስ ብሎ ሲኬድ እስከ ዘጌ ከአንድ ሰዓት በላይ ይወስዳል። የዚህ ጽሑፍ ነገር ሁሉ ያለው እዚህ ሰዓት ውስጥ ነው።

ታንኳ ስታዩ ነጂው ፍጥነቱን እንዲቀንስ ንገሩት። የሞተር ጀልባ ማዕበል ታንኳን ያናውጣል፤ ይህ የጨዋነት ጉዳይ ነው። ከተጠጋችሁ አሠራሩን ልብ በሉ። ሚስማር የለውም፣ ጣውላ የለውም። የደረቀ ደንገል በነዶ በነዶ እየታሰረ፣ አፍንጫው ወደ ላይ እየተቀለበሰ ነው የሚሠራው። የሚቀዘፈው በረዥም ቀርከሃ ነው፤ አንዴ በግራ፣ አንዴ በቀኝ። ቀዛፊው ወገቡን ሳያንቀሳቅስ በትከሻው ብቻ ሲሄድ ታዩታላችሁ። ታንኳው ውኃ ይጠጣል፤ ስለዚህ ሥራ ሲያበቃ ወደ ዳር ተጎትቶ ፀሐይና ነፋስ ያገኘዋል። እንዲያም ሆኖ ዕድሜው በወራት የሚቆጠር ነው። አሮጌው ሲበሰብስ አዲስ ይታሰራል። በዚህ ሙያ ከሁሉ በላይ የሚታወቁት ነገደ ወይጦዎች ናቸው። ከዘጌ ማገዶ ጭኖ ባሕር ዳር ገበያ የሚያደርሰውም ይኸው ታንኳ ነው፤ ከጭነቱ ብዛት ቀዛፊው ብቻ ይታያል፣ ታንኳው አይታይም።

ደንገሉ ራሱ ጥቅሙ ብዙ ነው። ወፍ ይራባበታል፣ ዓሣ ይጠለልበታል፣ ከማሳ የሚመጣውን አፈር ያጣራል። አንዳንድ ቦታ ተቆርጦ ተራቁቶ ስታዩት ይሰማችኋል። ጣና እ.ኤ.አ. በ2015 በዩኔስኮ የባዮስፌር ክልል ሆኖ ተመዝግቧል። እምቦጭ የተባለው መጤ አረም ደግሞ ከእ.ኤ.አ. 2011 ወዲህ የሐይቁ ፈተና ሆኗል። ብዛቱ በሰሜን ምሥራቅ፣ በጎንደር በኩል ባለው ዳር ነው። ወይን ጠጅ አበባ ያለው፣ ቅጠሉ የሚያብረቀርቅ ተክል ተንሳፎ ካያችሁ አምሮ ቢታያችሁም ነቅላችሁ ይዛችሁ አትሂዱ፤ ቁራጩ የትም ቢወድቅ ይበቅላል።

ዘጌ ሲቃረብ ዳሩ መልኩን ይለውጣል። ማሳ የለም፣ ሜዳ የለም፤ ጫካው ቀጥ ብሎ ውኃው ላይ ይቆማል።

ዘጌ ላይ

ዘጌ በበሬ አይታረስም፣ ከብትም አይረባበትም። የቆየ ሥርዓት ነው። ትውፊቱ እንዲህ ይላል፦ አቡነ በትረ ማርያም በትራቸውን ለሦስት ሰብረው ተከሉት፤ ቡና፣ ጌሾና ሎሚ ሆኖ በቀለ። እስከ ዛሬም ሰው የሚኖረው ከጫካው ሥር በሚበቅለው ቡና ነው። በኅዳርና በታኅሣሥ ከሄዳችሁ ቀዩን ፍሬ ከነቅርንጫፉ ታያላችሁ፤ በየደጁም ተሰጥቶ ይደርቃል። ከመንገድ ዳር ከሚሸጡት እናቶች ግዙ። ቤት ወስዳችሁ ቆልታችሁ ስታፈሉት ጉዞው ይቀጥላል።

በግማሽ ቀን ሁለት ገዳም ይበቃል። ሴቶችም ወንዶችም ይገባሉ። አዝዋ ማርያም ለወደቡ ቅርብ ናት። ኡራ ኪዳነ ምሕረት 20 ደቂቃ ገደማ በእግር ሽቅብ ያስኬዳል፤ መንገዱ ጥላ ነው፣ ጦጣ ይዘላል። በየወሩ በ16 ከሄዳችሁ ምእመኑ ይበዛል። ለጸሎት ከሆነ ደስ ይላል፤ ሥዕል በእርጋታ ለማየት ከሆነ ሌላ ቀን ምረጡ።

አባቶችን ስታገኙ "አባ፣ ይፍቱኝ" በሉ። ጫማችሁን አውልቃችሁ ግቡ። ፎቶ ከማንሣታችሁ በፊት ጠይቁ፤ ፍላሽ አትጠቀሙ። ክቡ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ጨለም ይላል። የመቅደሱን ግድግዳ ከላይ እስከ ታች የሸፈኑት ሥዕሎች መጀመሪያ አይታዩም። ከዚያ የውጭው ትልቅ ሳንቃ በር ሲከፈት የጠዋት ብርሃን ይገባል፤ ቀዩ፣ ቢጫው፣ ሰማያዊው አንድ ላይ ይነሣል። አስጎብኚው በላዔ ሰብእን ያሳያችሁ። 78 ነፍስ የበላው ሰው በእመቤታችን ስም ለለመነው ለምጻም በሰጠው ጥርኝ ውኃ ሲማር ታያላችሁ። ሚዛኑን ተመልከቱ፤ በአንድ በኩል 78 ነፍስ፣ በሌላው ጥርኝ ውኃ።

መመለሻ

5 ሰዓት ገደማ ጀልባው ላይ ሁኑ። ስትመለሱ በመሀል አቋርጡ። መንገድ ላይ ክብራን ገብርኤልና እንጦስ ኢየሱስ ጎን ለጎን የቆሙ ደሴቶች ናቸው። ክብራን ሴት አያስገባም፤ እንጦስ ሁሉንም ይቀበላል። ቤተሰብ ይዛችሁ ከሆነ ሁላችሁም እንጦስ ውረዱ። ግማሹ ክብራን ገብቶ ግማሹ ፀሐይ ላይ ጀልባ ውስጥ ሲጠብቅ አይቻለሁ፤ ደስ አይልም። ነፋሱ ቀድሞ ከጀመረ ደግሞ የትም ሳትቆሙ ቀጥታ ወደ ከተማ ግቡ።

ዳር ላይ ስትወርዱ እግራችሁን ውኃ ውስጥ አትንከሩ፣ ልጆችም እንዲዋኙ አትፍቀዱ። በሐይቁ ዳርቻ ቢልሃርዚያ አለ።

ቀሪውን ክፈሉና ዓሣ ወደሚራገፍበት ዳር በእግራችሁ ሂዱ። አጥማጆቹ ዓሣ ሲያጠቡ ፔሊካኖቹ ትርፍራፊውን ይጠብቃሉ፤ ከሰው አይሸሹም። ከጎን ካሉት ቤቶች በአንዱ ቆሮሶ የሚባለውን ዓሣ አዝዙ፤ ጥብስ ወይም ጉላሽ እንደ ምርጫችሁ። ከዘጌ እናቶች ቡናውን ስትገዙ ሎሚም ጨምራችሁ ከሆነ አሁን አውጡት።