ጆንያ የተሸከመው ሰው፦ ጅማ ላይ ድምፅ አልባ አጭር ፊልም ለመሥራት

አንድን ሰው ሌሎች እንዴት እንደሚያዩት የሚያሳይ ድምፅ አልባ ፊልም ብዙ ጊዜ የሚበላሸው በዋናው ተዋናይ ትጋት ነው። እናቱ ፊት የዋህ፣ ጥበቃው ፊት ሌባ መስሎ ከተወነ ተመልካቹ የሚያየው የሚለዋወጥ ሰው ነው፤ የተለያዩ ዓይኖች አይታዩም። ስለዚህ እሱ ምንም አይተውን።

ታሪኩ ቀላል ይሁን፦ ወጣቱ ጆንያ ተሸክሞ በጅማው ሂርማታ ገበያ ያልፋል፤ አራት ሰዎች ያዩታል። ጆንያው እስከ መጨረሻው አይፈታ። ውስጡ ግን 15 ኪሎ ያህል ነገር ይኑር፤ የውሸት ሸክም ከአረማመድ ይታወቃል።

መጀመሪያ ፊቱን ብቻ ቅረጹ፦ አንዴ ትንሽ ወደ ግራ፣ አንዴ ወደ ቀኝ እያየ፣ እያንዳንዱን 15 ሰከንድ። ስልኩን ከአንድ ሜትር ተኩል በላይ አርቁት፤ ከቀረበ አፍንጫ ያገዝፋል። የስልኩን የብርሃን መጠን ጉንጩ ላይ ቆልፉ፤ አለበለዚያ ሰማዩ በደመቀ ቁጥር ፊቱ ይጠቁራል። ሩሲያዊው የፊልም ዳይሬክተር ሌቭ ኩሌሾቭ አንዱኑ ፊት ከሾርባ ሳህንና ከሬሳ ሣጥን ጋር እያፈራረቀ ሲያሳይ፣ ተመልካቹ ረሃብንም ሐዘንንም ፊቱ ላይ አነበበ ይባላል። ሥራውን የሚሠራው ቅንብሩ ነው።

ከዚያ ወጣቱን ከሚያዩት ከአራቱ ለእያንዳንዱ አንድ ነገር ብቻ ለውጡ። እናቱ የጅማ በርጩማ ላይ ተቀምጣለች፤ ካሜራው በዓይኗ ከፍታ ሆኖ ሽቅብ ይየው። ጥበቃው በበር ስንጥቅ፣ ከሩቅ። ቡና ነጋዴዋ ጆንያውን ብቻ ታያለች፤ የልጁ ራስ ከፍሬም ውጭ ይቅር። የባጃጅ ሹፌሩ በመስታወቱ፣ ሁለት ሰከንድ፤ ይበቃዋል።

ወጣቱ ወደ ግራ ካየ እሱን የሚያየው ሰው ወደ ቀኝ ይይ። ይህ ከተሳተ ሁለቱ አንድ ሌላ ነገር የሚያዩ ይመስላሉ።

ከጠዋቱ 1 እስከ 3 ወይም ከ10 ሰዓት በኋላ ቅረጹ፤ የቀትር ፀሐይ ዓይንን ጥላ ውስጥ ትከተዋለች። በክረምት ደመናው ቶሎ ቶሎ ስለሚለዋወጥ ከአራቱ የአንዱን ቀረጻ ሳትጨርሱ ወደ ሌላው አትሂዱ። ሱቅ ውስጥ መብራቱ ከተርገበገበ በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሹተር 1/50 ሰከንድ አድርጉ፤ የእኛ መብራት 50 ኸርዝ ነው። ገበያተኛው ካሜራውን ትክ ብሎ ካየ፣ ባለሱቆቹን አስፈቅዳችሁ ስልኩን ተክላችሁ ሩብ ሰዓት ጠብቁ። ይሰለቸዋል።

በምስሎቹ መካከል የሚገባው ጽሑፍ ከሦስት ካርድ (ጽሑፍ ብቻ ከሚታይበት ምስል) አይብለጥ። ጅማ ላይ በአማርኛና በኦሮምኛ መጻፍ ስለሚያስፈልግ እያንዳንዱ ካርድ እጥፍ ጊዜ ይወስዳል፤ ሁለቱንም ድምፅ አውጥታችሁ እስክታነቡ ድረስ ይቆይ።

ከአራት ደቂቃ ያልበለጠውን ቅንብር ታሪኩን ለማያውቁ ሰዎች አሳዩና ጆንያው ውስጥ ምን እንዳለ ጠይቋቸው። ሦስት ሰው ተመሳሳይ መልስ ከሰጠ ከአራቱ የአንዱ ዓይን ሌሎቹን ውጧል፤ የእሱን ክፍል አሳጥሩ።