በጂፓስና በሸክላ ማጫወቻ የዩቲዩብ ቻናል ለሚከፍት ሰው፦ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

የድሮ የሙዚቃ ዕቃ ፍቅር ያለበት ሰው ብዙ ነው። አንዱ ቡፌ ላይ የቀረ የአባቱን ቴፕ ይወለውላል። ሌላው ምናለሽ ተራ ከብረታ ብረት መሃል ሸክላ ማጫወቻ ያወጣል። ሜሪላንድ ያለው ደግሞ ያገለገሉ ዕቃዎች ከሚሸጡበት መደብር አምፕሊፋየር ተሸክሞ ይገባል። ከዚያ «ለምን ቪዲዮ አልሠራበትም?» ይመጣል። ሐሳቡ መጥፎ አይደለም። ቴክሞን የተባለው የእንግሊዝ ቻናል ሰው የረሳቸውን የካሴትና የቴፕ ዓይነቶች እያነሳ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ሰብስክራይበር አፍርቷል። በአማርኛ ደግሞ ሜዳው ገና ሰፊ ነው።

ግን ገንዘቡ ያለው ዕቃው ላይ አይደለም። ዕቃ ያለው ሰው ሞልቷል። ከፍቶ፣ አስተካክሎ፣ በሚገባ ቋንቋ የሚያስረዳ ነው የጠፋው። ከታች ያሉት ስህተቶች አብዛኞቹ ይህን ከመዘንጋት የሚመጡ ናቸው።

1. ቻናሉ ሳይጀመር ዕቃ መሰብሰብ

ይህ የመጀመሪያውም የከፋውም ነው። ሰውየው ገና አንድ ቪዲዮ ሳይለቅ ሦስት አምፕሊፋየር፣ ሁለት ሸክላ ማጫወቻና አንድ ሳሎን የሚያጣብብ ስፒከር ይገዛል። ሰበቡም ዝግጁ ነው፤ «ለቻናሉ ነው» ይላል። እውነቱን ለመናገር ለራሱ ነው የገዛው። የራስን ሱስ ኢንቨስትመንት ብሎ መጥራት ደስ ይላል፣ ሒሳቡ ግን አይታለልም።

አንድ ጂፓስ (ሬድዮ ያለው ካሴት ማጫወቻ) ብቻ ያለው ሰው ስንት ቪዲዮ ሊሠራ እንደሚችል እንይ። ክዳኑን ከፍቶ ውስጡን ማሳየት አንድ ነው። የላላውን ወይም የቀለጠውን ቺንጋ መቀየር ሌላ ነው። ሄዱን (የካሴቱን ክር የሚያነበውን ክፍል) በጥጥና በአልኮል መጥረግ፣ የድምፅ ማዞሪያው ሲነካ ለምን እንደሚንኳኳ ማስረዳት፣ አጭር ሞገድ ላይ ማታ ማታ ምን እንደሚያዝ ማሰስ፣ መደበኛውን ካሴትና የክሮም ካሴቱን ማወዳደር። ስድስት ሆነ። ገና የሄዱን ብሎን አልነካንም።

እሷ ብሎን ለብቻዋ አንድ ቪዲዮ ይገባታል። ከሄዱ ጎን በስፕሪንግ የተያዘች ትንሽ ብሎን አለች። ሥራዋ ሄዱ ከካሴቱ ክር ጋር ቀጥ ብሎ እንዲቆም ማድረግ ነው። ለዓመታት ከተንቀጠቀጠች ትዛባለች፤ ያኔ ድምፁ ትራስ የታፈነበት ይመስላል። ካሴቱ እየዘፈነ ቀጭን ካቻቢቴ አስገብታችሁ ሩብ ዙር እንኳ ሳይሞላ ስታዞሯት ጸናጽሉና የዘፋኙ «ስ» ድንገት ብቅ ይላሉ። ተመልካች ሌላ ማብራሪያ አያስፈልገውም፤ በጆሮው ሰማ። (ከመንካታችሁ በፊት የነበረችበትን ቦታ በእስክሪብቶ ምልክት አድርጉ።) እንዲህ ያለ አንድ ደቂቃ ውድ አምፕሊፋየር ፊት ቆሞ «ዋው» ከማለት ይበልጣል።

ትልልቆቹን እ.ኤ.አ. የ1970ዎቹ የጃፓን ሪሲቨሮች (ሬድዮና አምፕሊፋየር በአንድ ላይ የያዙትን) የሚመኝ ካለ ደግሞ ክብደታቸውን ይጠይቅ። እ.ኤ.አ. በ1976 የወጣው ፓዮኒር ኤስኤክስ-1250 ወደ 30 ኪሎ ይጠጋል። አየር መንገዶች ለአንድ ሻንጣ በተለምዶ የሚፈቅዱት 23 ነው።

2. ከውጭ የመጣን ዕቃ ዝም ብሎ ሶኬት ላይ መሰካት

ከአሜሪካ የመጣ ዕቃ 120 ቮልት፣ ከጃፓን የመጣ 100 ቮልት ነው የሚፈልገው። አዲስ አበባ ያለው ሶኬት 220 ይሰጣል። ይህን ብዙ ሰው ያውቃል፤ ትራንስፎርመርም ይገዛል። የማይታወቀው ቀጥሎ ያለው ነው።

የአሜሪካ መብራት በሰከንድ 60 ጊዜ ይመላለሳል፣ የእኛ 50 ጊዜ። ትራንስፎርመር ቮልቱን እንጂ ይህንን አይቀይርም። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹና በ70ዎቹ የተሠሩ ብዙ ሸክላ ማጫወቻዎች ደግሞ ፍጥነታቸውን የሚወስዱት ከዚሁ ምልልስ ነው። ውጤቱ ምንድነው? በደቂቃ 33⅓ ዙር መዞር ያለበት ሸክላ ከ28 በታች ይዞራል። 45 የሆነው ወደ 37 ተኩል ይወርዳል። ዘፋኙ የደከመው ይመስላል፤ ድምፁም ሦስት ግማሽ ቶን ያህል ይወፍራል። ሰውየው «ማሽኑ አርጅቷል» ብሎ ቺንጋ ይቀይራል፣ ሞተር ዘይት ይቀባል። መፍትሔው ለ50 የተሠራ ፑሊ (ቺንጋውን የሚያዞረውን ትንሽ መዘውር) ሞተሩ ላይ ማድረግ ነው። እንደ ቴክኒክስ ኤስኤል-1200 ኤምኬ2 ያሉት ፍጥነታቸውን በራሳቸው ክሪስታል ስለሚቆጣጠሩ ይህ አይነካቸውም፤ ለእነሱ ቮልቱ ከተስተካከለ በቂ ነው።

ሌላው አደጋ ለዓመታት ሳይበራ የቆየ ዕቃ ነው። ውስጡ ያሉት ካፓሲተሮች (ኤሌክትሪክ የሚያጠራቅሙት ክፍሎች) ደርቀው ሊሆን ይችላል። በቀጥታ ሲበራ ጭስ ያወጣል፣ ከጭሱ ጋር ትራንስፎርመሩም ሊሄድ ይችላል። ልምድ ያላቸው የሬድዮ ጠጋኞች ከሶኬቱ ወደ ዕቃው በሚሄደው መስመር መሃል አምፖል ያስገባሉ። የድሮው ባለ ክር አምፖል መሆን አለበት፣ ኤልኢዲ አይሠራም። አምፖሉ ብልጭ ብሎ ከደበዘዘ ጥሩ ምልክት ነው። ደምቆ ከቀረ ውስጥ ሾርት አለ ማለት ነውና ወዲያው ንቀሉ። ይህን በቪዲዮ ስታሳዩ አንድ ነገር ሳትናገሩ አትለፉ፦ ትልቅ አምፕሊፋየር ከሶኬት ተነቅሎም ካፓሲተሮቹ ውስጥ ኤሌክትሪክ ይቆያል። ተመልካቻችሁ መካከል የ14 ዓመት ልጅ አለ፤ ካቻቢቴም አለው።

የኤሌክትሪክ ዕውቀት ከሌላችሁ አታስመስሉ። የሰፈራችሁን ጠጋኝ ጋብዙ፣ ክፈሉት፣ ስሙን ጥሩ። እንዲያውም ቪዲዮው ያምራል። ሠላሳ ዓመት ሬድዮ የከፈተ ሰው ሲናገር እኛ ከማንዋል አንብበን ከምናወራው በላይ ይጥማል።

3. የስፒከሩን ድምፅ በስልክ መቅዳት

ስለ ድምፅ ጥራት የሚያወራ ቻናል ድምፁ የጉድጓድ ከሆነ ማን ያምነዋል? ስልክ ስፒከር ፊት ሲቆም የሚቀዳው ስፒከሩን ብቻ አይደለም። ባዶ ግድግዳውን፣ የጎረቤት ዶሮንና የራሱን የስልኩን ማስተካከያ ሁሉ ይቀዳል። ከማሽኑ መስመር መውጫ (ላይን አውት) በገመድ ወደ ኮምፒውተር ሳውንድ ካርድ አስገቡና ቅዱ። የራሳችሁን ድምፅ ደግሞ በደረት ማይክ።

ሸክላ ማጫወቻ ስታገናኙ አምፕሊፋየሩ ላይ ፎኖ የሚለውን ቀዳዳ ተጠቀሙ። ከመርፌው የሚወጣው 5 ሚሊቮልት ገደማ ብቻ ነው። በዚያ ላይ ሸክላ ሲቀረጽ ባሱ ተቀንሶ ቀጭኑ ድምፅ ከፍ ተደርጎ ነው። መልሶ የሚያስተካክለው ፎኖው ነው። ሌላ ቀዳዳ ላይ ከሰካችሁት ትንኝ የመሰለ ድምፅ ነው የምትሰሙት።

እንዲያም ሆኖ ዩቲዩብ ድምፁን ጨምቆ ነው የሚያሰማው፤ ተመልካቹም የሚያዳምጠው በስልኩ ነው። ስለዚህ «ሁለቱን አምፕሊፋየሮች አወዳድሩ» የሚለው የቪዲዮ ዓይነት ብዙም ትርጉም የለውም፤ እኔ እተወው ነበር። ከጥገና በፊትና በኋላ ያለው ልዩነት ግን በማንኛውም ስልክ ይሰማል።

4. «30 ሰከንድ ነው፣ ችግር የለውም» ብሎ ዘፈን መልቀቅ

እንዲህ ያለ ሕግ የለም። 30 ሰከንድም፣ 10 ሰከንድም ነጻ አይደለም። «የዘፈኑ ባለቤት አይደለሁም» ብሎ ከታች መጻፍም አያድንም። ዘፈን በራሱ የሚለየው የዩቲዩብ ኮንቴንት አይዲ እ.ኤ.አ. ከ2007 ጀምሮ የሚሠራ ሲሆን የተመዘገበ ዘፈን ሲያገኝ በቀጥታ ክሌም (የባለመብት ይገባኛል) ያስይዛል። ያኔ የቪዲዮው ገቢ ወደ ባለመብቱ ሊሄድ ይችላል። ባለመብቱ ቪዲዮው እንዲነሳ ከጠየቀ ደግሞ ስትራይክ (በቻናሉ ላይ የሚመዘገብ የቅጣት ማስጠንቀቂያ) ይሆናል። በ90 ቀን ውስጥ ሦስት ስትራይክ ቻናሉን ሊያዘጋ ይችላል።

«የድሮ ሸክላ ነው፣ ማን ይጠይቃል?» የሚለው ደግሞ የራሱ ወጥመድ አለው። አምሃ እሸቴ እ.ኤ.አ. በ1969 በጀመረው አምሃ ሪከርድስና በሌላው ሸክላ አሳታሚ በካይፋ የወጡት ዘፈኖች ዛሬ የትም የተረሱ አይደሉም። ኢትዮፒክስ የተባለው የፈረንሳይ ተከታታይ ሥራ እ.ኤ.አ. ከ1990ዎቹ መጨረሻ አንስቶ ብዙዎቹን ለዓለም አሰምቷል፤ በዲጂታልም ይሸጣሉ። አገር ውስጥም የቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996 የዘፋኙንም የአሳታሚውንም መብት ይጠብቃል። ዘፋኙ ስላረፈ መብቱ አብሮ አይቀበርም።

ታዲያ ምን እናሰማ? የዩቲዩብ የራሱ ነጻ የሙዚቃ ክምችት አለ፤ አሰልቺ ነው ግን ይሠራል። ከሱ የሚሻለው ክራር ወይም ማሲንቆ የሚጫወት ወዳጅ ፈልጎ፣ ከፍሎ፣ በጽሑፍ ፈቃድ ይዞ፣ የራስን መሞከሪያ ካሴት መቅዳት ነው። መቅጃው የተበላሸ ቴፕ ክራሩን እንዴት እንደሚያወላግደውና ከተጠገነ በኋላ እንዴት እንደሚያጠራው ሰው ወዲያው ይለያል። ዜማው ባህላዊ ቢሆን ይመረጣል፤ የሌላ ሰው ድርሰት እንደገና መጫወት ሌላ ጣጣ አለው።

የሸክላውን ታሪክ መናገር፣ ሽፋኑን ማሳየት፣ በየትኛው አገር እንደታተመ ማስረዳት ግን ይቻላል። ለምሳሌ የአምሃ የመጀመሪያ ሸክላ የታተመው ሕንድ አገር ነው። ሰው እንዲህ ያለውን ሲሰማ ሼር ያደርጋል።

5. የማስታወቂያ ገንዘብ ብቻ መጠበቅ

ከማስታወቂያ ድርሻ ለማግኘት 1,000 ሰብስክራይበርና ባለፉት 12 ወራት 4,000 የዕይታ ሰዓት ያስፈልጋል፤ ወይም በ90 ቀን 10 ሚሊዮን የሾርትስ ዕይታ። ከረጅም ቪዲዮ ማስታወቂያ ለሠሪው የሚደርሰው 55 በመቶ ነው። ከዚህ ሁሉ በፊት የምትኖሩበት አገር በፕሮግራሙ ዝርዝር ውስጥ መኖሩን አጣሩ። ሥራው ካለቀ በኋላ ማወቅ ያንገበግባል።

እንዲህ ባለ ጠባብ ርዕስ ዕይታው በሺህ እንጂ በሚሊዮን አይመጣም። ስለዚህ ቻናሉ ራሱ ሱቁ ሳይሆን የሱቁ መስኮት ነው። ሱቁ ውስጥ ምን ይሸጥ? ጥገና አለ፣ የተጠገነ ዕቃ ሽያጭ አለ። በእኔ እምነት ግን ትልቁ ገበያ የካሴት ግልበጣ ነው።

አስቡት። በስደት ላይ ያለው የእኛ ሰው በየቤቱ ካሴት አለው። የሠርግ ካሴት፣ የአባት ምርቃት፣ እናት «ደኅና ነን፣ ስለኛ አታስብ» ብላ ቀድታ ከአገር የላከችው ድምፅ። ስልክ ውድ በነበረበት ጊዜ ካሴት ደብዳቤ ነበር። ዋሽንግተን፣ ቴል አቪቭ፣ ስቶክሆልም ያሉ ልጆች አሁን ማጫወቻው የላቸውም። ይህን ወደ ፋይል ለሚገለብጥላቸው ይከፍላሉ፤ ያመሰግናሉም።

እዚህ ላይ የሚሠራው ስህተት ዋጋ አተማመን ነው። ባለ 90 ደቂቃ ካሴት ለመገልበጥ 90 ደቂቃ ይፈልጋል፤ አቋራጭ የለውም። ክሩ ተበጥሶ ከሆነ ወይም ክሩን የምትደግፈዋ ትንሽ ስፖንጅ ከወደቀች ክሩን አውጥቶ ሌላ ቅርፊት ውስጥ ማስገባት አለ። በካሴት ቁጥር ሳይሆን በሰዓት አስከፍሉ። ካሴቱ ሲደርሳችሁ ደግሞ መጀመሪያ ከላይ ያሉትን ሁለት ማገጃዎች እዩ። ካልተሰበሩ ስበሯቸው፤ ያኔ በስህተት ላዩ ላይ መቅዳት አይቻልም። የደንበኛን ካሴት ያለ ፈቃድ በቪዲዮ ማሰማት ደግሞ ነውር ነው፤ የቱንም ያህል ልብ የሚነካ ይሁን።

6. ርዕስ ላይ ማጋነን

«በዓለም ላይ አንድ ብቻ የቀረ!» ብሎ ገበያ ሙሉ ያለ ቴፕ ማቅረብ አንድ ጊዜ ያስከፍታል፣ ሁለተኛ ጊዜ ያሳፍራል። የድሮ ዕቃ የሚወድ ሰው ጠርጣራ ነው፤ ሞዴሉን ከእናንተ በፊት ያውቀዋል። ርዕሱ ላይ የፋብሪካውን ስም፣ ሞዴሉንና ችግሩን ጻፉ። ሰው የሚፈልገው «ካሴት የሚበላ ቴፕ እንዴት ይጠገናል» ብሎ ነው።

ነጋዴ ዕቃ ሰጥቷችሁ ከሆነ ተናገሩ። ዩቲዩብ ላይ የተከፈለ ማስተዋወቂያ መኖሩን ምልክት የሚደረግበት ሳጥን አለ። አቧራው የተጠረገን ዕቃ ደግሞ «ሙሉ በሙሉ የታደሰ» ብላችሁ አትሽጡ። ምን ክፍል እንደተቀየረ፣ ምን እንዳልተነካ ጻፉለት። ሲበላሽ ወደ እናንተ ነው የሚመጣው፤ ያውም ኮሜንት ላይ።

7. ሸክላ ማጫወቻን እንደነበረ አሽጎ መላክ

ሽያጭ ከተጀመረ በኋላ ብዙ ትርፍ የሚጠፋው መንገድ ላይ ነው። ከባዱ ሰሃን ቦታው ላይ እንዳለ ከተላከ ሲነቃነቅ መሃሉን ይሰብራል። ሰሃኑን አውጥታችሁ ለብቻው ጠቅልሉ። ከክንዱ ጀርባ ያለውን ክብደት ፍቱ፣ ክንዱን እሰሩ፣ መርፌውን በክዳኑ ሸፍኑ ወይም ንቀሉት። የፕላስቲክ ክዳኑን ማጠፊያው ላይ አትተዉት። ካርቶኑን ከመዝጋታችሁ በፊት በየደረጃው ፎቶ አንሱ፤ ደንበኛው ተሰብሮ ደረሰኝ ካለ የምትከራከሩበት እሱ ነው፤ ስለ አስተሻሸጉም አንድ ቪዲዮ ይወጣዋል።